እናትየዋ ከሄደች በኋላ

ኑሩ፣ የልጄ አባት፣ አሰላሙ ዐለይኩም። አላህ ያለህበትን ያስፋልህ፣ ያብራልህም።

ከተለያየን በሚመጣው ረመዳን ዐሥራ አንድ ዓመት ይሞላል። እስካሁን አንዲት መስመር አልጻፍሁልህም። መጀመሪያ መጻፍ አልችልም ነበር፤ ስችል ደግሞ የምጽፈውን ስለማውቀው ሸሸሁት። አንተ ትተሃት የሄድሃት ከድጃ በጣት አሻራ የምትፈርም ሴት ነበረች። ከሞትህ በኋላ ቤቱ ጭር ሲልብኝ ከገላባት ገበያ የፊደል ገበታ ገዛሁ። በር ላይ ተቀምጬ ከአገር ቤት የመጣ መንገደኛ ባለፈ ቁጥር "እስቲ ወንድሜ፣ ይቺ ማን ትባላለች?" እያልሁ አንድ በአንድ ለየኋት። አንዱ ሹፌር "እማማ፣ ፊደሉን ጨርሰሽ ምን ልትሠሪበት ነው?" ብሎ ሳቀብኝ። "ለእናትህ ደብዳቤ እጽፍላታለሁ፣ ከነጥፋትህ" አልሁት። አሁን የተገኘውን ሁሉ አነባለሁ፤ ዕቃ የተጠቀለለበት ጋዜጣ እንኳ አይቀረኝም።

ቤታችን ብዙ ተለውጧል። አብረን የኖርንባትን የዶካን ከተማ ለቅቄ ገዳሪፍ ከልጃችን ከዘሀራ ጋር ነው የምኖረው፤ ከእህል ገበያው ጀርባ ሁለት ክፍል ተከራይተናል። ባሏ በጭነት መኪና ማሽላ ያመላልሳል፣ በወር አንዴ ቢመጣ ነው። እሷ ጧት ጧት ገበያ ላይ ሎሚና በርበሬ ትሸጣለች። ያላየሃት የልጅ ልጅ አለችህ፤ ሙና ትባላለች፣ ሰባት ዓመቷ ነው። የፊት ጥርሷ ወልቋል። ስትሄድ እንዳንተ ቀኝ ትከሻዋን ዘንበል ታደርጋለች። ከእናቷ ጋር በዐረብኛ፣ ከእኔ ጋር በአማርኛ ታወራለች፤ እኔን ግን እንደዚህ አገር ልጆች "ሀቦባ" ነው የምትለኝ፣ አያቴ ማለቷ ነው።

ካርቱም ላይ ጦርነት ከተነሣ ወዲህ ገዳሪፍን ብታያት አታውቃትም። የተፈናቀለው ሰው መግቢያ ሲያጣ ትምህርት ቤቶቹ ውስጥ ሰፈረ። ዴስኩ ማገዶ ሆነ፣ ልጆቹም ቤት ዋሉ። ዘንድሮ ግን የሰፈራችን ትምህርት ቤት ተከፈተ። አንዲት ከካርቱም ተፈናቅላ የመጣች አስተማሪ አለች፤ ሁሉም "ኡስታዛ" ይላታል። የትምህርት ቤት በር አይተው የማያውቁ ልጆች በአንድ ቀን ቢገቡ ለቅሶ እንደሚሆን ገባትና፣ ከመክፈቻው በፊት ባለው ሳምንት ከሰዓት በኋላ ልጆቹን ከነእናቶቻቸው ትሰበስብ ጀመር። የአንዱን ክፍል መስኮት በጆንያ ጋርዳ፣ ግድግዳው ላይ ነጭ አንሶላ ሰቅላ ፊልም ታሳየናለች። ሁሉም ፊልሞች ስለ አንድ ነገር ናቸው፤ ልጅ ለመጀመሪያ ጊዜ ትምህርት ቤት ሲገባ። ከየአገሩ የተሰበሰቡ ናቸው፤ ቋንቋቸውን ባናውቅም ለማየት አላስቸገረንም። ሙናን የምወስዳት እኔ ነበርሁ፣ ዘሀራ በዚያ ሰዓት ደክሟት ትተኛለች።

በአንደኛው ፊልም በረዶ አገር ያለ ልጅ ጫማውን ግራና ቀኝ አዛውሮ አጥልቆ ቀኑን ሙሉ ሲያነክስ ይውላል፣ አስተማሪውም እግሩ የታመመ መስሎት ያዝንለታል። እናቶቹ ሁሉ ሳቁ። በሌላው ልጆች በጀልባ ወንዝ ይሻገራሉ፤ አንዲቱ ደብተሯን እንዳይረጥብ ጭንቅላቷ ላይ ይዛለች። ሙና ጮክ ብላ "ሀቦባ፣ ውሃው ውስጥ አዞ አለ?" አለች። ከኋላችን ያለች ሴት "ዝም በይ፣ ስሙን ጠርተሽ ታመጭብናለሽ" ብላ ክፍሉን አሣቀችው።

ሦስተኛው ፊልም ነው ይህን ደብዳቤ ያስጻፈኝ።

አንዲት ትንሽ ልጅ የእናቷን ቀሚስ ጨብጣ ትጮኻለች። እናትየዋ የልጅቱን ጣቶች አንድ በአንድ ታላቅቃቸዋለች፣ ትስማታለች፣ ትሄዳለች። እኔ ፊልሙ ከእናትየዋ ጋር የሚሄድ መስሎኝ ነበር። እኔ የማውቀው ያንን መንገድ ነው። ፊልሙ ግን አልተከተላትም፤ በሩ ተዘጋና ከልጅቱ ጋር ውስጥ ቀረ። ልጅቱ አለቀሰች። ከዚያ አፍንጫዋን በክንዷ ጠረገች። ከዚያ ግድግዳው ላይ የተሳለ ዓሣ አየች። አንዲት ልጅ ሳትናገር ቂጧን ገፋ አድርጋ አግዳሚው ላይ ቦታ ለቀቀችላት፤ ሄዳ ተቀመጠች። ጥቂት ቆይታ ደግሞ ሳቀች። በቃ፣ ይኸው ነው። እንባዋ ሳይደርቅ ሳቀች። የእኔ እንባ ግን መጣ፣ መቆጣጠር አቃተኝ። አጠገቤ ያለችው ሴት "ልጆቹ ዝም ብለው አንቺ ታለቅሻለሽ እንዴ?" ብላ በክርኗ ነካችኝ።

ኑሩ፣ አሁን ልንገርህ።

ዘሀራ ሰባት ዓመቷ ነበር። የተማሪ ልብስ ስፌት የሚበዛበት ወቅት ነው፤ ጨርቅ አልቆብህ ገላባት ወርደህ ነበር። ከመሄድህ በፊት የእሷን ሰፍተህ ግድግዳው ላይ ሰቅለህላት ነበር፣ ቁመቷ ሲጨምር እንዲረዝም ታችኛውን ጠርዝ በሰፊው አጥፈህ። አልብሼ ወሰድኋት። ርእሰ መምህርቷ ስሟንና ዕድሜዋን ብቻ ጠየቀችኝ። ሌላ ነገር አልጠየቀችም። ዘሀራ ቀሚሴን ይዛ ጮኸች፤ አላቅቄ ትቻት ሄድሁ።

ሆዴ አልችል አለ ብዬ ልጽፍልህ ነበር። ውሸት ነው። ስመለስ ሽንኩርት ልገዛ ገበያ ገባሁ። ባለሽንኩርቱ አንድ ነገር ጠየቀኝ፣ አልገባኝም። ደግሞ ጠየቀኝ፣ ደንቆሮ እንደሚያናግር ጮኾ። ዙሪያው ያሉት ሳቁ። እዚህ አገር ከገባን ሦስት ዓመት ሆኖን ነበር፣ አንተ ስፌት ቤትህ ውስጥ ከሰው ጋር ስትውል ዐረብኛውን ለመድህ፤ እኔ ግን አልለመድሁም። ምላሴ ዘሀራ ነበረች። ገበያ እሷ ትጠይቅልኛለች፣ ሐኪም ቤት የሚያመኝን እሷ ትናገርልኛለች፣ ከውሃ ሻጩ ጋር እንኳ የምትጣላልኝ እሷ ነበረች። ያለ እሷ አንድ ቀን መዋል ፈራሁ። ዘንቢሌን ባዶውን ይዤ ወደ ትምህርት ቤቱ ተመለስሁና እያለቀሰች አወጣኋት።

አንተ ስትመጣ "ወረቀት የላችሁም ብለው መለሷት" አልሁህ። ሌላ ውሸት ብዋሽህ ኖሮ ትጠይቀኝ ነበር። ይህን ግን አልጠየቅኸኝም። እንደኛ ያለ ሰው በዚህ አገር ከየት ነው ተመልሶ የማያውቀው? ከኬላ፣ ከሐኪም ቤት፣ ከሚከራይ ቤት፣ ሁሉም "ወረቀትህ የታለ?" ነው የሚለው። አንተም ወረቀቱን ልታወጣላት በጭነት መኪና ላይ ተሳፍረህ ገዳሪፍ ሄድህ። "ቡክራ" አሉህ፣ ነገ ና። ሁለተኛም ሄድህ። "ቡክራ" አሉህ። አንድ ቃል ብናገር ልትቀር ትችል ነበር፤ ስንቅህን ቋጥሬ ሸኘሁህ።

ሁለተኛ ከሄድህበት ስትመለስ ልብሷን ከግድግዳው አውርደህ ፈታኸው። ያ ሰፊ ጠርዝ ሲለቀቅ ልብሱ ረዘም ለምትለው ለዳቦ ጋጋሪው ልጅ በቃ። ክሩን በጥርስህ እየነቀልህ "ወረቀት የሌለው አባት" አልህ፣ ለራስህ። እኔ ከጎንህ ሩዝ እለቅም ነበር።

ሌላም አለ። ዘሀራ ዐሥራ ሁለት ዓመት ሲሆናት ለምን እንዳልተማረች ጠየቀችኝ። አንተ ውጭ የሰው ልጆችን አሰልፈህ የተማሪ ልብስ ትለካ ነበር። እንዳትጠላኝ ፈራሁና "አባትሽ ነው ያልፈቀደው" አልኋት። አንተ አፍረህ የትምህርትን ነገር ለእሷ አንስተህ አታውቅም፤ እሷ ዝምታህን እንደ ክልከላ ቆጠረችው። ከዚያ ወዲያ ላንተ "አባዬ" ማለት ተወች። ለእኔ ስታወራ "ሰውየው" ነበር የምትልህ። "ልጅቱን ምን አደረግኋት?" ብለህ ብዙ ጊዜ ጠይቀኸኛል። "ዕድሜዋ ነው" እያልሁ መለስሁልህ። በሞትህ ዕለት ለቀስተኛውን ሁሉ ውሃ ስታጠጣ ዋለች፣ እሷ ግን አላለቀሰችም። ሰዎቹ "ምን የመሰለች ጠንካራ ልጅ" አሉ። እኔ ምን እንደሆነ አውቅ ነበር።

ከፊልሙ የተመለስሁ ዕለት ዘሀራ ጓሮ ልብስ ስታጥብ አገኘኋት። ቁጭ ብዬ ነገርኋት፣ አሁን ለአንተ እንደጻፍሁት። እጇን ከሳሙናው ውሃ ሳታወጣ ሰማችኝ። ስጨርስ "ሁለት ጊዜ ነው የሄደው?" አለች።

"ሁለት ጊዜ።"

"ለእኔ?"

"ላንቺ።"

የያዘችውን ልብስ ጨምቃ አስቀመጠችና እንዲህ አለችኝ፤ "እኔ እኮ ማልቀሴን ትቼ ነበር። አጠገቤ የነበረችው ልጅ ጠመኔዋን ለሁለት ሰብራ ሰጥታኝ ሰሌዳዬ ላይ ጨረቃ እየሳልሁ ነበር። ደግሜ ያለቀስሁት አንቺን በሩ ላይ ሳይሽ ነው። ልትወስጂኝ እንደመጣሽ ገብቶኝ።"

ሃያ አራት ዓመት ሙሉ በጆሮዬ የኖረው ያ ለቅሶ "አትተዪኝ" የሚል ነበር ለእኔ። "አትውሰጅኝ" ማለቷ ኖሯል።

ከዚያ በኋላ ለአራት ቀን አላናገረችኝም። ምሳዬን አምጥታ ታስቀምጥና ትወጣለች። ሙና "እናቴ ጉሮሮዋን ታማለች?" ብላ ጠየቀችኝ። በአምስተኛው ቀን ትምህርት ቤቱ ተከፈተ፤ ሦስታችንም አብረን ሄድን፣ ዘሀራ ግን የልጇን እጅ እንድይዝ አልፈቀደችልኝም። በሩ ላይ ግማሹ ልጅ ይጮኻል፣ ግማሹ ዓይኑን ያፈጣል። ሙና ወደ ውስጥ አየት አደረገችና ለሁለታችንም "ኸላስ፣ ሂዱ" አለችን፣ በቃችሁ እንደማለት። አንዲት እናት ግን ከልጇ ብሳ ስታለቅስ ኡስታዛ ክንዷን ይዛ "አንቺንም ላስመዝግብሽ?" አለቻት። ዘሀራ እንኳ ሳቀች። በዚያ ሳምንት ፊቷ ሲስቅ ያየሁት ያኔ ብቻ ነው።

ከበሩ ወደ ቤት የምንመለስ መስሎኝ ነበር። ዘሀራ ወደ አውቶቡስ መናኸሪያው ታጠፈች። የት እንደምትሄድ አልጠየቅሁም። ከሰዓት በኋላ ሙና ከመውጣቷ በፊት ደረሰች፤ ነጠላ ጫማዋ የዶካ ጥቁር አፈር ተለጥፎበታል። ውሃ ጠጣችና "የአባቴ መቃብር ድንጋይ ዘምሟል፤ ሰው ለምኜ አቀናሁት" አለችኝ። "አባቴ" አለች ኑሩ። ዐሥራ ዘጠኝ ዓመት ከአፏ ያልወጣውን።

ቀጥላ፣ ሳታየኝ፣ "የኔን ይቅርታ ጠይቄዋለሁ። ያንቺን አንቺው ጠይቂው" ብላኝ ልጇን ልታመጣ ወጣች።

ስለዚህ ነው የምጽፍልህ። በእኔ ውሸት የተንከራተትህበትን መንገድ፣ ያፈርህበትን ዕድሜ፣ ልጅህ የነፈገችህን ስም ይቅር በለኝ። ብትለኝም ባትለኝም የምሰማበት ጆሮ የለኝም፤ ቢሆንም ልጠይቅህ ይገባኛል። በየሶላቱ ከስምህ በፊት የራሴን አላነሣም። ሙና ስለ አያቷ ስትጠይቀኝ ያንተን ያንተ፣ የኔን የኔ አድርጌ እነግራታለሁ። እስካለሁ አስታውስሃለሁ፣ እንደነበርህ እንጂ እንዳደረግሁህ አይደለም።

ዘሀራ ይህን ወረቀት ማንበብ አትችልም። እንዳትችል ያደረግኋት እኔ ነኝ። ዛሬም ሙናን ከትምህርት ቤት ልታመጣ ሄዳ ነበር፤ አሁን እየመጡ ነው፣ የሙና ድምፅ ከመንገዱ ይሰማኛል። ሲገቡ አስቀምጣታለሁ፣ ከመጀመሪያው ቃል ጀምሬ ድምፄን ከፍ አድርጌ አነብላታለሁ፤ አንዲት መስመር አልዘልም።

ከድጃ