ደመራው ላይ የሚጠራው ስም

መስከረም 14 ቀን 1966
ትምህርት ቤቱን ጠራርገን ዋልን። ጣሪያው ዘንድሮም ያፈሳል... ታፈረ የሚባል አዲስ አስተማሪ ከጎንደር መጥቶልናል። ቀልደኛ ነው። አባዬ ድምፃቸውን ለማለስለስ ተልባ እየጠጡ ነው፤ መስቀል ደረሰ ነዋ!

መስከረም 17
አባዬ ደመራውን ባረኩ። እንደ ወጉ የጃንሆይን ስም ጠርተው ዕድሜ ሲለምኑ የሕዝቡ «አሜን» ጆሮ ሞላ። በጣልያን ጊዜ የኔታቸው ይህንን ስም አልተውም ብለው ሲገረፉ አይተዋል። ለዚህ ነው ስሙ ላይ ሲደርሱ ድምፃቸው የሚለወጠው።
ምሰሶው ተቃጥሎ ወደ ምሥራቅ፣ በበሽሎ ወንዝ በኩል ወደቀ። ሽማግሌዎቹ ተያዩ። በወደቀበት በኩል ክፉ ይመጣል ይላሉ... እኔ አላምንም። ታዲያ ለምን አፍጥጬ አየሁት?

ጥቅምት 23
የዘውድ በዓል። ገበሬው ከየአጥቢያው ተጠርቶ ፀሐይ ላይ ቆመ። ተማሪዎቼ ዘመሩ። ታፈረ በጆሮዬ፣ «ከበሽሎ ማዶ ሰው በረሃብ እያለቀ እኛ እናጨበጭባለን» አለኝ። ዝም በል አልኩት። አጨበጨብኩ።

ጥር 11
ጥምቀት። ከወሎ የመጡ ሰዎች ወንዙ ዳር ኩርምት ብለዋል። ታቦቱ ሲያልፍ መነሳት አቃታቸው። አንዲት እናት ያዘለችው ልጅ አያለቅስም። ስለማያለቅስ ፈራሁ።
አባዬ በቤት ያለውን እንጀራ ሁሉ አውጥተው ሰጡ። «ጃንሆይ አልሰሙም እንጂ ቢሰሙ ዝም አይሉም» አሉ። ታፈረ ሳቀ። አባዬ ተቆጡ፦ «አንተ ልጅ! ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ።»

የካቲት 14
አስተማሪዎች አድማ መትተናል። እኔም ቀረሁ። ፈርቼ ነው አምኜ?... እንጃ።

የካቲት 21
ሚኒስትሮቹ ሥልጣን ለቀቁ፤ ሬዲዮ ነው ያለው። አባዬ፣ «ሁሉም?» ብለው ደጋግመው ጠየቁኝ። ሁሉም።

ሚያዝያ 27
የነፃነት በዓል። አምና ሜዳው አልበቃ ብሎ ነበር። ዛሬ ባንዲራው ተሰቀለ፣ ንግግር ተደረገ፣ ሰው ተበተነ። ንግግር አድራጊው ከወረቀቱ ቀና ብሎ አላየንም።

ሐምሌ 16
የጃንሆይ ልደት። እኔ ረስቼው ነበር። አባዬ ካባቸውን ለብሰው በዝናብ ወደ ወረዳው ጽሕፈት ቤት ሄዱ። ዝግ ነው። ዘበኛው አለበል፣ «ዛሬ ደግሞ ምን አለ፣ አባ?» አላቸው አሉ።
ተመልሰው ካባቸውን እሳቱ አጠገብ ሰቀሉ። ሲንጠባጠብ ዋለ።

መስከረም 2 ቀን 1967
አወረዷቸው። በሬዲዮ ተነገረ።
ታፈረ በር ላይ ቆሞ፣ «ፈትለወርቅ፣ ሰማዩ ታረሰ!» አለኝ እየሳቀ። ከኋላዬ አባዬን ሲያይ ሳቁን ዋጠ።

መስከረም 13
ታፈረ መጣ። ዛሬ አልቀለደም። «ለመስቀል ወታደሮች ከደብረ ታቦር ይመጣሉ። አባትሽ ስሙን ከጠሩ ይወስዷቸዋል። ንገሪያቸው።»
ነገርኳቸው።
«ንጉሥ ቢሞት ሌላ ይነግሣል፤ ስሙን እንተካለን። አሁን ማንን ልተካ?»
እግራቸው ላይ ወደቅሁ። «እናቴን ቀብሬያለሁ። እርስዎን ቢወስዱብኝ የት ብዬ እፈልግዎታለሁ?» አልኳቸው። ፀጉሬን ዳበሱኝ።

መስከረም 17
ወታደሮቹ መጡ። ጠመንጃቸውን ታቅፈው ከፊት ቆሙ። አባዬ መባረክ ጀመሩ። ስሙ ጋ ደረሱ... ቆሙ። ሰው መሃል ፈልገው አዩኝ። ከዚያ ዘለሉት።
ሕዝቡ «አሜን!» አለ። ልክ እንደ አምናው፣ ጆሮ የሚሞላ አሜን። ወታደሮቹም አሉ።
ተረፉልኝ! ተመስገን። ታዲያ ለምን ደስ አይለኝም?
ቤት ገብተን ምሳ አልቀመሱም።
«ልጄ፣ አሜኑን ሰማሽው?»
«ሰማሁ፣ አባ።»
«አንድ ሰው እንኳ አልደነገጠም። እኔ ዕድሜዬን ሙሉ ስጠራው...»
ካባቸውን አጥፈው አስታቀፉኝ። ለሌላ ካህን ስጪው፣ እኔ ከእንግዲህ ሕዝብ ፊት አልባርክም አሉ።
ዘንድሮ ምሰሶው ወዴት እንደወደቀ ሽማግሌዎቹን ጠየቅኩ። ያየ የለም። ሁሉም ወታደሮቹን ነበር የሚያየው።