ከሪያድ ያመጣሁት የአባዬ መተንፈሻ

ሰኞ፣ ኅዳር 8፣ ጠዋት

ሻንጣ እየፈታሁ ነው። ማስታወሻዬ፣ ሪያድ ትራስ ሥር ነበር የምደብቅሽ፤ ዛሬ ጠረጴዛ ላይ ተዘርግተሻል። የደ/ታቦር ብርድ አጥንት ይሰብራል። አባዬ ሲተነፍሱ እዚህ ድረስ ይሰማኛል፤ አስሙ ብሶባቸዋል። ያመጣሁላቸውን ማሽን አወጣሁ፤ መድኃኒቱን እንደ እንፋሎት አድርጎ በጭንብል የሚሰጥ። ሪያድ አሠሪዬ ቤት ሞክሬዋለሁ፤ ይሠራል። አባዬ ዳሰሱት፤ መረቁኝ። ደስ አለኝ!

በኋላ ገልብጬ ሥሩን አየሁት። 110 ቮልት ይላል። የእኛ 220 ነው። እዚያ ቤት ሁለቱም ዓይነት ሶኬት ስለነበር አላሰብኩትም። ደደብ።

ማክሰኞ

ኤሌክትሪክ ሠራተኛው ጎረቤታችን አየው። ያለ ኃይል መቀነሻ ከተሰካ ይቃጠላል አለ። መቀነሻው እዚህ የለም፤ ባ/ዳር ነው። ታላቅ ወንድሜን ጌትነትን ለመንኩት፤ እስክመለስ እንዳትነካው። የዓረብ ሽንት ቤት ስታጥቢ ኖረሽ ስለ መብራት ልታስተምሪኝ? አለ። አባዬም ሳቁ። እስኪያስላቸው ሳቁ።

ረቡዕ፣ ከሰዓት

መቀነሻውን ከባ/ዳር ገዝቼ እየተመለስኩ ነው። ሚኒባሱ ሐሙሲት ላይ ሰው ይጭናል። ጎረቤታችን ደወለ። ጌትነት ማሽኑን ሰክቶታል። ነዷል። አባዬ ሆስፒታል ገብተዋል። ሹፌሩ አሁንም ሰው ይጠራል፤ ልጮህበት ነው።

ሐሙስ

ኦክስጅን ላይ ናቸው። ጭሱ ደረታቸውን ዘግቶታል። ጌትነት ለጠያቂው ሁሉ ወሬው አንድ ነው፤ እሷ ሰክታው ሄደች። ማንም አይጠይቀኝም። አንዲት ዘመዳችን፣ የአባቷን ሞት በሻንጣ ይዛ መጣች፣ አለች። ጮክ ብላ፤ እንድሰማ።

ዓርብ

ለብቻቸው አገኘኋቸው። እጃቸውን ያዝኩ። አባዬ፣ እኔ አይደለሁም፣ መንገድ ላይ ነበርኩ አልኳቸው።

ጭንብሉን ዝቅ አደረጉ። «አውቃለሁ። ዓይኔ እያየ ነው የሰካው።»

«ታዲያ ለምን ዝም አሉ?»

«አንቺ ነገ ባሕር ማዶ ትሄጃለሽ። የሚቀብረኝ እሱ ነው። ጥፋቱን አንቺ ያዥው፤ እዚያ ማን ያውቅሻል?»

ጭንብሉን መለሱ። ጌትነት ብርቱካን ይዞ ገባ፤ ልጦ አጎረሳቸው። ተባረክ አሉት። እኔ እዚያው ቆሜያለሁ። ተቀመጪ እንኳ ያለኝ የለም።

እሑድ፣ ከቅዳሴ በኋላ

አላለቀስኩም። ገርሞኛል። ደላላው ደወለ፤ ዱባይ ሥራ አለ ይላል። አልሄድም አልኩት። ከቤተ ክርስቲያኑ በር ፊት ለፊት አንድ ክፍል ተከራየሁ። አባዬ ከዳኑ ለቅዳሴ በደጄ ነው የሚያልፉት፤ ሌላ መንገድ የለም። ሰው ሁሉ እያየ ደጄ ላይ እቀመጣለሁ።

አባዬ ሲያልፉ አልነሣላቸውም።