ካፖርቱስ የእኔ ነው

ሰኞ፣ ኅዳር 5

መጥሪያው መጣ። የተማሪ ዩኒፎርም እየሰፋሁ ነበር፤ ፖሊሱ አስፈረመኝና ሄደ። ዓርብ ጠዋት ሦስት ሰዓት፣ ይግባኝ ሰሚው ችሎት፣ ካፖርቱን ይዤ።

እኔ እኮ አለቀ ብዬ ነበር። ዓመት ከመንፈቅ አልፎታል። ከገሳይ ገበያ ስመለስ መኪናው ተበላሽቶ፣ የቀረውን መንገድ በእግሬ ስገባ፣ ጀምበር ስታዘቀዝቅ፣ እስከ አፍንጫው ጋቢ የተከናነበ ሰው ዱላ አንስቶ ካፖርቴንና ቦርሳዬን ወሰደብኝ። ካፖርቱ ደሴ የሚባል ገበሬ ቤት ተገኘ፤ እናቱ ለብሰውታል። «ከሐሙሲት ገበያ ነው የገዛሁላቸው» አለ። ማን ይመነው? እኔ ደግሞ ከስድስት ሰው መሀል ለየሁት። ሰባት ዓመት ፈረዱበት። ለካ ይግባኝ ብሏል።

ፖሊሱ ጥጉን ሳይዞር እትዬ ጥሩወርቅ ከሻይ ቤታቸው ደረሱ። ለእሳቸው ወሬ ከስኳር ቀድሞ ነው የሚገባላቸው። ምንም አልነገርኳቸውም፤ እንደተቀየሙኝ ሄዱ።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 6

ቁስቋም ናት። ጾሙ ተፈታ፤ እኔ ግን እህል አልወርድ አለኝ።

ካፖርቱን ከሳጥን አወጣሁት። የአባቴ ነበር። ገበሩን ራሴ ነኝ የቀየርኩት፤ ብብቱ ስር ቡናማ ክር አልቆብኝ በሰማያዊ ጨረስኩት። ለዳኞቹ ያሳየሁት ያንን ነው። ካፖርቱስ የእኔ ነው። ከተመለሰልኝ ወዲህ ግን አንድ ቀን አልለበስኩትም፤ የሰው ቤት ጢስ ይሸታል።

ሰውየውስ?

ለማንም ያልነገርኩትን እዚህ ልጻፈው። ጣቢያ የተጠራሁ ዕለት መርማሪው ገና በር ላይ፣ ካፖርቴ መገኘቱንና ሰውየውም ውስጥ መሆኑን ነገረኝ። ስድስት ሰው አሰልፈዋል። እንደዘረፈኝ ሰው እንዲመስሉ ብለው ሁሉንም ጋቢ አከናንበዋቸዋል። የሚታየው ዓይን ብቻ። አየሁ፣ አየሁ፤ አንዱንም አላወቅሁትም። አፍሬ አንገቴን ስደፋ እግራቸው ታየኝ። አምስቱ የተወለወለ የፖሊስ ጫማ አድርገዋል። ስድስተኛው ጭቃ የደረቀበት የላስቲክ ኮንጎ።

እጄን እሱ ትከሻ ላይ ጫንኩ።

ፍርድ ቤት በምን ለየሽው ሲሉኝ «በዓይኑ» አልኩ። የዘረፈኝ ሰው ምን እንደተጫማ እንኳ እኮ አላየሁም።

ረቡዕ፣ ኅዳር 7

ሁለት መርፌ ሰበርኩ። አንዱን ኪስ ገልብጬ ሰፋሁት።

አላስችል ቢለኝ ለወንድሜ ለሙሉቀን ነገርኩት። መምህር ነው፤ ተረጋግቶ ይመክረኛል ብዬ። ከወንበሩ ተነሳ። «ምለሽ በዓይኑ ብለሻል። አሁን በጫማው ብትዪ በሐሰት ምስክርነት የምትገቢው አንቺ ነሽ። ዝም በይ።» ካፖርቱስ ቤቱ አልተገኘም ወይ፣ አለኝ።

ተገኝቷል። የሚያስጨንቀኝም ይኸው ነው። እሱ ሊሆን ይችላል እኮ።

ብናገር፦ እታሰር ይሆናል፤ ሌባም ይፈታ ይሆናል።
ዝም ብል፦ ሰባት ዓመት። በጫማ።

እትዬ ጥሩወርቅ ሻይ አምጥተው ፊቴን አዩና፣ «አንቺ ልጅ፣ የዋጥሽው ነገር አጥንት አለው» ብለውኝ ወጡ።

ሐሙስ፣ ኅዳር 8

ሌሊት ውርጭ ጥሏል። ሱቄን እንደከፈትኩ አንድ ሰው እስከ አፍንጫው ተከናንቦ ገባና ቆመ። ምን ልታዘዝ አልኩት። ዝም። ዓይኑን አየሁ፤ እጄ ወደ መቀሱ ሄደ።

ጋቢውን ገለጠ። ሙሉቀን!

እየሳቀ፣ «የእናትሽን ልጅ ዓይን አታውቂውም?» አለኝ። ከዚያ ሳቁ ከፊቱ ላይ ጠፋ። እጄን ከመቀሱ ላይ አነሳሁ። ሲወጣ ጀርባውን እንደሰጠኝ፣ «ነገ አብሬሽ እሄዳለሁ» አለ።

ዓርብ፣ ኅዳር 9

ከችሎቱ ደጅ አግዳሚው ላይ አንዲት አሮጊት ተቀምጠዋል። ክንዴ ላይ ያለውን ካፖርት ሲያዩ ተነሱ። የደሴ እናት ናቸው። ይረግሙኛል ብዬ ጠበቅሁ።

«ልጄ፣ ካፖርትሽን ለብሼ ከርሜ ነበር። የሰው መሆኑን ሳላውቅ ነው። ይቅር በዪኝ።»

ጎንበስ ብዬ ጉልበታቸውን ነካሁ።

ገባሁ። ማልኩ። ሰማያዊውን ክር አሳየሁ። ከዚያ ስለ ስድስቱ ሰዎች ጫማ ተናገርኩ። ዐቃቤ ሕጉ እስክሪብቶውን አስቀመጠ። የመሀሉ ዳኛ ይህ ቃል እኔኑ ሊያስጠይቀኝ እንደሚችል ማወቄን ጠየቁኝ። አውቃለሁ አልኩ።

«ታዲያ የዘረፈሽ እሱ አይደለም ነው የምትዪው?»

«አላውቅም፣ ጌታዬ። ያኔም አላውቅም ነበር።»

ደሴ ቀና አላለም። እንደተደፋ ትከሻው ይንቀጠቀጥ ነበር። ፍርዱ ለሁለት ሳምንት ተቀጠረ። የእኔንም ነገር ያን ቀን ነው የምሰማው። ካፖርቱን እዚያው አስቀሩት።

ሙሉቀን ወደ ትምህርት ቤቱ፣ እኔ ወደ ሱቄ። ብርዱ አጥንት ይገባል። መንገዱ ላይ ወንዱ ሁሉ እስከ አፍንጫው ተከናንቧል። አንዱ በአጠገቤ ሲያልፍ፣ «ደህና ዋልሽ?» አለኝ።

እግዜር ይመስገን አልኩት። ወደ እግሩ ግን አላየሁም።