የጠዳው ቤት ቀጠሮ

ልጄ ዓይናዲስ፣ በሰው አገር የምትረግጪው መሬት ይለዝብልሽ፤ መድኃኔ ዓለም ከክፉ ዓይን ይሰውርሽ። እኔ ከጉልበቴ በቀር ደህና ነኝ። ገብሱ ዘንድሮ ሸጋ ነው፤ ላሚቱም ወልዳለች።

በጠዳው የአባትሽ ቤት ክርክር ረታን። አጎትሽ አያ ሰውአገኝ ግን አልወጣም አሉ። ባለፈው ማክሰኞ የፍርድ አፈጻጸሙ ሰው ከፖሊስ ጋር መጣ። አያ ደጃፉ ላይ ተቀምጠው፣ «ሬሳዬን ተራምዳችሁ ግቡ» አሉ። ሰውዬው ሲጎትታቸው ወደቁ፤ ግንባራቸው ደማ። «ኧረ ተዉ!» ብዬ ብጮህ ማን ሰምቶኝ።

ዳኛዋ ይህን ሲሰሙ ሰውዬውን አስቀርበው፣ «ቤቱን አስረክብ አልኩህ እንጂ ሽማግሌ ጎትት ብዬሃለሁ?» ብለው ገሠጹት። ማስወጣቱን አግደው፣ ታዛቢዎች ባሉበት፣ ዕቃው ተመዝግቦ እንዲፈጸም ለፊታችን ሐሙስ ቀጠሩ።

የአያ ልጆች ከአይከል መጥተው ከደጄ ማዶ ይውላሉ። ሰላምታዬን አይመልሱም። ታላቁ፣ በላቸው፣ «የአባታችን ደም በቀጠሮ አይደርቅም» አለኝ።

ፈራሁ፤ አዘንኩም። ዳኛዋ ዘንድ ሄጄ፣ «አያ ዕድሜያቸውን ይኑሩበት፤ ይቅርብን» ብላቸው፣ «ወራሾቹ ሁሉ ከፈረሙ እዘጋዋለሁ» አሉኝ። ያንቺን በውክልናሽ ፈረምኩ። ወንድምሽ ባህሩ ግን፣ «በፍርድ ያገኘሁትን በፍርሃት አልለቅም» አለ። ከትናንት ጀምሮ ከአባትሽ ጠመንጃ ጋር ነው የሚውለው።

ልጄ፣ እሱ የሚሰማው አንቺን ነው። ይህን ደብዳቤ በስልክ አስልኬልሻለሁና፣ እባክሽ ሐሙስ ሳይደርስ ደውይለት።

የማህፀኔ ፍሬ፣ ክፉ ወሬ ጆሮሽ አይግባ፤ ወጥተሽ ለመግባት ያብቃሽ።

እናትሽ የትነበርሽ