እናታቸውን በአሮጌ ፊልም ሲፈልጉ የኖሩት የአቶ ልመንህ ይስማው የሕይወት ታሪክ

አቶ ልመንህ ይስማው ከአባታቸው ከአቶ ይስማው ወልደ ሩፋኤልና ከእናታቸው ከወይዘሮ ዓለምዬ አስማረ፣ በታች ጋይንት፣ አርብ ገበያ አካባቢ በ1962 ዓ.ም. ተወለዱ። በአራት ዓመታቸው እናታቸው ስላረፉባቸው፣ ወገዳ ወስደው ያሳደጓቸው አክስታቸው፣ የእኔ እናት ወይዘሮ ሰርኬ አስማረ ናቸው። ከእናታቸው አንድም ፎቶግራፍ አልቀረላቸውም፤ መልካቸውንም አያስታውሱም ነበር። ድካማቸው ሁሉ የጀመረው ከዚህ ነው።

በወገዳና በደብረ ታቦር ተምረው፣ በአዲስ አበባ የፊልም ቅንብር ሙያ አጠኑ። የሠርግ ቪዲዮ እየቆረጡና እየቀጠሉም ይተዳደሩ ነበር። በ1991 ዓ.ም. ከወይዘሮ ዕፀገነት ደምሌ ጋር በሥርዓተ ተክሊል ተጋብተው ቤተልሔምንና ዘካርያስን ወለዱ።

በ1995 ዓ.ም. በአንድ መሥሪያ ቤት መጋዘን ሊጣሉ ከተከመሩ ፊልሞች መካከል፣ በ1963 ዓ.ም. በአርብ ገበያ የፈንጣጣ ክትባት ሲሰጥ የተቀረጸ አገኙ። ከሰልፉ መካከል ሕፃን ያዘለች ሴት ለአፍታ ዞር ትላለች። አቶ ልመንህ እናቴ ናት፣ ያዘለችውም እኔን ነው ብለው አመኑ። ከዚያ በኋላ እሷን እያዘገሙ፣ እየደጋገሙ፣ ከሌሎች አሮጌ ፊልሞች ጋር እየቀጠሉ የሙከራ ፊልም ይሠሩ ጀመር። ታሪክ የለው፣ ንግግር የለው፤ እኛን እንቅልፍ ሲጥለን እሳቸው ከወንበራቸው ሳይነሡ ዓመታት ነጎዱ። ወይዘሮ ዕፀገነት ልጆቹን ብቻቸውን ማሳደጋቸው ሳይነገር መታለፍ የለበትም።

በ2003 ዓ.ም. ፊልሙን ለእናቴ፣ ነፍሳቸውን ይማርና፣ አሳዩአቸው። እናቴ ከፊቷ ይልቅ አንገቷን አይተው፣ «ልመንህ ልጄ፣ ይህችማ ተነቅሳለች እኮ! እናትህን አባታችን ቄሱ ከልክለዋት፣ አንገቷን ሳትነቀስ ነው የሞተችው» አሉ። የጋይንት ሰው ሁሉ ቀድሞ የሚያየውን ንቅሳት፣ አቶ ልመንህ ፊት ብቻ ሲፈልጉ ልብ ሳይሉት ቀርተዋል። ያን ዓመት ሥራ አልነኩም። እውነቱን ለመናገር፣ እኛ እፎይ ብለን ነበር።

እሳቸው ግን የሰው እናት ናት፣ ልጇን ሳላገኝ አልተዋትም ብለው ፊልሙን ጨረሱና በየከተማው አሳዩ። ተመልካቹ በየቦታው ሳያልቅ እየተነሣ ይሄድ ነበር። በ2010 ዓ.ም. በአርብ ገበያ ሲያሳዩ፣ ወይዘሮ ብርቄ ጓዴ የተባሉ የእህል ነጋዴ ብድግ ብለው፣ «እናቴ ናት! የታዘልኩት እኔ ነኝ!» እያሉ ደረታቸውን ደቁ። የክትባቱን ቀን እናታቸው ደጋግመው አጫውተዋቸው ነበር። አዳራሹ ለቅሶ ቤት ሆነ፤ ያን ቀን ማንም አልወጣም። አቶ ልመንህ ምስሉን አሳትመው ሰጧቸው። ከዚያ ወዲህ ፊልም አልሠሩም፤ ደክሟቸው ነበር።

በኩላሊት ሕመም ሲሠቃዩ ቆይተው የካቲት 9 ቀን 2017 ዓ.ም. በ55 ዓመታቸው አርፈዋል። ባለቤታቸውና ሁለት ልጆቻቸው በሐዘን ላይ ናቸው። ወይዘሮ ብርቄም ከአርብ ገበያ መጥተው፣ ጥቁር ለብሰው ከእኛ ከእህቶቻቸው ተርታ ተቀምጠዋል።

እግዚአብሔር ነፍሳቸውን በደጋጎቹ አባቶች አጠገብ ያሳርፍልን፤ ፈልገው ያጧቸውን እናታቸውንም ፊት ለፊት ያሳያቸው። አሜን።