ለሌለ ሰው ሻይ

ሰኞ፣ ጥር 6

«ዛሬን እንኳን እመኑኝ፣ የእውነት የሉም» ስል ዋልኩ። ማን ይመነኝ... የጡረታ ክፍሉ ኃላፊ ዛሬ እውነትም ስብሰባ ሄደዋል። ጡረተኞቹ ደረጃው ላይ ተደርድረው ሳቁብኝ። የቆሻሻ መኪና ሹፌር የነበሩት አባባ ስም አውጥተውልኛል፣ «የሉም» ብለው። እንደምን አደርሽ የሉም፣ ይሉኛል። ባለፈው ሻይ ይዤ ስገባ «ለሌለ ሰው ነው የምታስገቢው?» አሉ። ሁሉም ሳቁ፣ እኔም አብሬ ሳቅሁ... ምን ላድርግ? ስራዬ ሻይ ማመላለስና በር መጠበቅ ነው። የሉም በይ ያሉኝ እሳቸው፣ ኮንትራቴን የሚፈርሙት እሳቸው።

እነሱም ወደው አይደለም የሚመላለሱት። ማዘጋጃ ቤቱ በቀን ሰራተኝነት የለፋችሁበት ዘመን ለጡረታ አይቆጠርም ብሏቸው ነው።

ረቡዕ፣ ጥር 8

እቴቴ መጣች። ያሳደገችኝ አክስቴ... ዕድሜዋን ሙሉ መንገድ የጠረገች። የሷም የመጀመሪያዎቹ ዓመታት አይቆጠሩም ተብሏል፣ ያለነሱ ደግሞ የወር ጡረታ አይደርሳትም። ይቺን ስራ ያገኘችልኝ ራሷ ናት፣ ሰው እግር ስር ወድቃ። በሩ ላይ ምን እንደምሰራ ግን ነግሬያት አላውቅም።

ኃላፊው ውስጥ ናቸው። በስልክ እየሳቁ፣ ሳቃቸው ኮሪደሩ ድረስ ይሰማል።

«አሉ እንዴ?» አለችኝ።

«የሉም» አልኩ። አፌ ለምዶት... ለሷም!

አባባ ሊስቁ ሲሉ እቴቴ ዞረችባቸው። «የሉም ካለች የሉም ነው። የኔ ልጅ አትዋሽም።»

ማንም አልሳቀም። ከውስጥ ያለው ሳቅ ብቻ... ምነው መሬት ተከፍታ በዋጠችኝ።

ሐሙስ፣ ጥር 9

ትናንት ማታ ራቴን አቀረበችልኝ፣ ጉልበቷን አሸች፣ ተኛች። ብትሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

ጠዋት ስነሳ የለችም። ከከተማ ውጪ ታናሽ እህቷ ጋ ሄዳለች አለችኝ ጎረቤታችን። እዚያ ቢሮ ዳግም አልረግጥም፣ በኔ ምክንያት ልጅቷ ከስራዋ እንዳትፈናቀል ብላለች አሉ። እንግዲህ እኔን ብላ የልፋቷን ልትተው ነው? እኔ በምን ዓይኔ ነው የማያት...

ሰኞ፣ ጥር 13



ሻይ ሳስገባ ኃላፊው በስልክ ሲያወሩ ሰማሁ። የጡረታ ይግባኝ የሚሰሙት ሰዎች ነገ ጠዋት ይመጣሉ፣ ራሱ ቀርቦ ያላስረዳ ሰው ፋይሉ ይዘጋል። ስልኩን ዘጉና አዩኝ። «ሰማሽ? አልሰማሽም» አሉኝ።

ወጣሁ። ደረጃው ላይ ላሉት ነገርኳቸው፣ ሁሉንም። አባባ፣ «የሉም ደግሞ ነገ ይመጣሉ ማለት ጀመረች» አሉ። ሳቁ። ማልኩ፣ ለመንኩ፣ ወይ ፍንክች! የዘራሁትን ነው ያጨድኩት።

ምን እንደነካኝ አላውቅም፣ በሩን በረገድኩት። እሳቸው ብርጭቆውን ከንፈራቸው ላይ አድርገው ቀሩ። «ይኸው አሉ፣ ራሳቸውን ጠይቋቸው» አልኩ። አባባ ኮፍያቸውን አውልቀው ሲገቡ በስሜ ጠሩኝ። ለካ ስሜን ያውቁታል!

ከነገ ጀምሮ እንዳትመጪ ተብያለሁ። ይሁን... ምን ይሁን! ፈርቻለሁ፣ የቤት ኪራዩስ?

እቴቴ ደግሞ ስልክ አታነሳም። ደጋግሜ ደወልኩ። በመጨረሻ እህቷ አነሳች። ተኝታለች፣ ደግሞ የቢሮ ነገር እንዳታነሺባት፣ አለችኝ። ቀስቅሻት ብዬ ለመንኩ፣ ማልቀስ ሁሉ ጀመርኩ። ለነገ ጠዋት የሚያደርሳት የመጨረሻው አውቶቡስ ሲመሽ ነው የሚነሳው። እንዲህ በይልኝ አልኳት፦ ልጅሽ ዋሽታሻለች፣ ያን ቀን ውስጥ ነበሩ። አሁን ግን አልዋሸችም። አሉ በያት። በሩ ክፍት ነው፣ ነገ ጠዋት ራሷ ትቅረብ። ብቻ ሳይመሽ ትደውልልኝ...