ሁለት ገብተው አንድ የሚወጣበት ድንኳን

አባታችን የተወለዱት ከሲኒማ ቤቱ ጀርባ በነበረች ባለ አንድ መስኮት ክፍል ውስጥ ነው። አባታቸው ልብስ ሰፊ፣ እናታቸው የሲኒማው ቲኬት ሻጭ ነበሩ። ግድግዳው ስስ ስለነበር ፊልም ከማየታቸው በፊት ፊልም ሲሰሙ አደጉ።

ትምህርታቸውን በሰፈራቸው አጠናቀው የካሜራ ሙያ ተማሩ፤ በሃያ አራት ዓመታቸውም በአንድ የፊልም ድርጅት ተቀጠሩ። በዚያው ዓመት የሒሳብ መምህርት የሆኑትን እናታችንን አገቡ፤ ሁለት ሴቶችና አንድ ወንድ ልጅም ወለዱ።

የዱር እንስሳትን ኑሮ የሚያሳይ ፊልም ገና ብርቅ በነበረበት ዘመን፣ ምንቃሩ እንደ ቀንድ የከበደ አንድ ወፍ እንዲቀርፁ ተላኩ። ሴቷ የዛፍ ጉድጓድ ውስጥ ገብታ በሩን በጭቃ ትመርጋለች፤ ወንዱ በቀረችው ቀዳዳ ይቀልባታል። አባታችን ከዛፉ ሥር በሸራ ድንኳን ተደብቀው ጠበቁ። ወፉ ግን ሲገቡ አይቷቸው ስለነበር ምግቡን እንደያዘ ከሩቅ ቅርንጫፍ ላይ ቀረ። ሴቷ ጦሟን እንዳታድር ብለው ምንም ሳይቀርፁ ወጡ። አለቃቸው ይህን ሲሰሙ ምርጊቱ ተሰብሮ ውስጡ እንዲቀረፅ አዘዙ፤ እምቢ ካሉም ሌላ ሰው እንደሚልኩ አስታወቁ። አባታችን የአንድ ቀን ጊዜ እንዲሰጧቸው ለመኑ።

እናታችን የተማሪ ደብተር እያረሙ ነገሩን አዳመጡና፣ “አብሬህ ልግባና ብቻዬን ልውጣ። ወፉ መደመር ቢችል እንኳ፣ መቀነስ እንደ ተማሪዎቼ ይከብደው ይሆናል” አሉ።

በማግስቱ ሁለቱ ገቡ፤ እናታችን ወጥተው ሄዱ። ወፉ እሳቸውን በዓይኑ ሸኝቶ ወደ ቀዳዳው ወረደ። አባታችን ድምፁ እንዳያስበረግገው ካሜራውን በብርድ ልብሳቸው ጠቅልለውት ነበር። አለቃቸው ፊልሙን ካዩ በኋላ ስለ መስበር ዳግም አላነሱም። ሴቷም ቀኗ ሲደርስ ምርጊቱን ራሷ ሰብራ ወጣች፤ እሱንም ቀርፀዋል።

ከዚያ ወዲህ እስከ ጡረታቸው ድረስ እናታችን ምሳ ይዘው አብረዋቸው ይገቡ ነበር። “ከላይ ባል ሚስቱን፣ ከታች ሚስት ባሏን ትቀልባለች” እያሉም ይቀልዱባቸው ነበር።

አባታችን በሳንባ ሕመም ምክንያት በሕክምና ሲረዱ ቆይተው በመጨረሻ ከእናታችን ጋር ሆስፒታል ገቡ። ባለፈው ማክሰኞ ጠዋት እናታችን ብቻቸውን ወጡ። አባታችን በሰማንያ አንድ ዓመታቸው ያረፉ ሲሆን ባለቤታቸውን፣ ሦስት ልጆችንና አምስት የልጅ ልጆችን ትተዋል። ፈጣሪ ነፍሳቸውን ያለ ሥጋት በሚያርፉበት ስፍራ ያኑርልን።

ያ ዛፍ እስካሁን አለ። የጉድጓዱ በር ዘንድሮም በጭቃ ተመርጓል፤ የቀረችው ቀዳዳ ስፋት ሁለት ጣት ነው።